ግልጽ ደብዳቤ፦ «ተለክቶ ይቅረብ» ሲባል የትኛው መሬት?

ይድረስ፦ ለክልላችን ጠቅላይ ፍርድ ቤት
ይድረስ፦ ለክልላችን የመሬት ቢሮ

ጉዳዩ፦ በሁከት ይወገድልኝ ክሶች ክርክር የተነሣበት መሬት የሚለይበትንና የሚለካበትን መንገድ ይመለከታል

ክቡራንና ክቡራት፣

እኛ በወረዳ የመሬት ጽሕፈት ቤቶች የምንሠራ የልኬት ባለሙያዎች ነን። ገጠር ውስጥ «ድንበሬን ገፋ፣ ማሳዬን አረሰ» የሚል የሁከት ይወገድልኝ ክስ ቀርቦ ዳኛው «ባለሙያ በቦታው ተገኝቶ ለክቶ ያቅርብ» ሲሉ፣ ሜትርና ጂፒኤስ ይዘን የምንወጣው እኛ ነን።

ለዚህ ደብዳቤ ምክንያት የሆነን ባለፈው ወር የደረሰ ነገር ነው። አንድ የሥራ ባልደረባችን «ውጤት አላቀረብክም» ተብሎ በፖሊስ ተይዞ ችሎት ቀረበ። ትእዛዙ እጁ የገባው ከቀጠሮው 2 ቀን ቀደም ብሎ ነበር። ወረቀቱ ላይ ያለው አንድ መስመር ነው፦ «ክርክር የተነሣበት መሬት ተለክቶ ይቅረብ።» የቱ መሬት? ከየት እስከ የት? ከየትኛው ሰነድ ጋር ተመሳክሮ? አልተጻፈም። ባልደረባችን ተገሥጾ ወጣ። የትኛውን መሬት መለካት እንደነበረበት ግን ያን ዕለትም የነገረው የለም።

የምንጽፈው ባልደረባችን ስለተያዘ ብቻ ቢሆን ኖሮ በስብሰባ አንሥተን እንተወው ነበር። ነገሩ ግን ከዚያ ይሰፋል። ሲለካ የሚታየው ቁጥሩ ነው፤ ከቁጥሩ በፊት ግን መሬቱ የቱ እንደሆነ መለየት አለበት። ይህ ሥራ የማን እንደሆነ ስላልተነገረ ማንም አይሠራውም። ከሳሽ ዳኛው ያውቁታል ይላል፣ ዳኛው ባለሙያው ይለየዋል ይላሉ፣ ባለሙያው ማሳው ላይ ያገኘውን ሰው ይጠይቃል።

ከዚህ ምን እንደሚመጣ በአንድ መዝገብ እናሳይ። አንዲት እናት በአንድ ጎጥ ውስጥ ሁለት ማሳ አላቸው። ሁለቱም ሩብ ሄክታር ገደማ ናቸው። ክሳቸው «በጎጡ የሚገኘውን 0.25 ሄክታር መሬቴን ተከሳሽ ገፍቶ አረሰብኝ» ይላል። አዋሳኝ አልተጠቀሰም፣ የማሳው መለያ ቁጥርም የለም። ባለሙያው በሄደበት ዕለት እሳቸው ታመው ልጃቸው መጣ። ልጁ ያሳየው ማሳ ተለካ፤ 0.24 ሄክታር ሆነ። ከክሱ ጋር ተቀራረበ ተባለ፣ ምስክር ተሰማ፣ ሁከቱ ይወገድ ተብሎ ተፈረደ። አፈጻጸም ላይ ፖሊስና ባለሙያ ሲወጡ እናትዬዋ ራሳቸው መጡ። «ልጄ፣ እኔ የከሰስኩት በዚህ አይደለም፤ በታችኛው ነው» አሉ። ተከሳሹ ደግሞ «እዚህኛው ላይ እግሬ ረግጦ አያውቅም፤ ታዲያ የተፈረደብኝ በምኑ ነው?» አለ። ፍርዱን ብናነበው «0.25 ሄክታር» ከማለት ሌላ ምንም የለውም። ይግባኝ ተባለ፤ መዝገቡ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 343(1) መሠረት «ተጣርቶ እንደገና ይወሰን» ተብሎ ወደ ሥር ፍርድ ቤት ተመለሰ። ሦስት ዓመት ፈጀ። እናትዬዋ እስካሁን ታችኛው ማሳ ላይ አልገቡም።

0.25 ሄክታር የመሬት ስም አይደለም። በአንድ ቀበሌ ውስጥ ይህን ያህል ስፋት ያለው ማሳ ስንትና ስንት ነው። ድሮም አንድ ጥማድ ሲባል ሩብ ሄክታር ገደማ ነው የሚታሰበው፤ መሬቱ ሲከፋፈል ደግሞ በዚሁ ልክ ነው የተቆራረሰው። መሬት የሚታወቀው በአዋሳኙ፣ በቅርጹና በመለያ ቁጥሩ ነው። ስፋቱ የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው።

ስለ አዋሳኝ ካነሣን አይቀር። በመጀመሪያው ዙር የመሬት ምዝገባ ለገበሬው የተሰጠው የይዞታ ደብተር ካርታ የለውም። በ1997 የወጣው የገጠር መሬት አዋጅ ቁጥር 456 መሬት በባህላዊም በዘመናዊም መሣሪያ እንዲለካ ፈቅዶ ነበር፤ አብዛኛው ቦታ ላይ የተለካው በገመድ ነው። ደብተሩ ላይ የምናገኘው «በምሥራቅ እገሌ፣ በምዕራብ መንገድ፣ በሰሜን ወንዝ፣ በደቡብ ራሳቸው» የሚል ነው። ዛሬ እዚያ ስንደርስ እገሌ አርፈዋል፤ ማሳቸውን ሦስት ልጆች ተካፍለውታል። መንገዱን ከሁለቱም በኩል ዳር ዳሩን ሲያርሱት የፍየል መሄጃ ሆኗል፤ ማን አረሰው ቢባል ሁለቱም ያኛው ይላሉ። ወንዙ ደግሞ ክረምት በመጣ ቁጥር ዳርቻውን እየበላ 10 ሜትር ሸሽቷል። «ራሳቸው» የተባለው ማሳ ለልጅ ተሰጥቶ ልጁ አሁን ተከሳሽ ነው። እንዲህ ባለ ደብተር ላይ «በደብተሩ መሠረት ለክተህ አቅርብ» ስንባል ምን እንድናደርግ ነው የሚጠበቀው? ለሕያዋን አዋሳኞች መጥሪያ ወጥቶ ቦታው ላይ ካልተገኙ፣ እኛ ብቻችንን የሞተን ሰው ድንበር ልንጠቁም አንችልም።

አሁን ደግሞ ብዙ ሰው የተጣላበትን «ትርፍ» እናንሣ። ደብተር ላይ 0.75 ሄክታር ተጽፎ ስንለካ 0.82 ይመጣል። ልዩነቱ 0.07 ሄክታር፣ ማለትም 700 ካሬ ሜትር ነው። ወዲያው «ተከሳሽ 700 ካሬ ገፍቷል» ተብሎ ውሳኔ ላይ ሲሰፍር አይተናል። ድንበሩ ላይ ግን የወሰን ድንጋዮቹ እንዳሉ ናቸው፣ ዛፉም ያው ነው፣ አዋሳኞቹም «የተነካ ነገር የለም» ይላሉ። ትርፉ የመጣው ከልኬቱ ነው። ገመድ ይሳባል፣ ይረግባል፤ ቅርጹ የተጣመመ ማሳ እንደ አራት ማዕዘን ተቆጥሮ ተባዝቷል።

ተዳፋት ሲጨመርበት ደግሞ በተቃራኒው ይሆናል። ካርታ የሚለካው አግድም ርቀትን ነው፤ ገመድ ግን መሬቱን ተከትሎ ይወርዳል። ተዳፋቱ 40 በመቶ በሆነ ማሳ ላይ በገመድ 100 ሜትር የተባለው ካርታ ላይ 93 ሜትር ገደማ ነው። ሰውየው አንድ ክንድ ሳይወሰድበት በወረቀት ሰባት ሜትር ጎደለበት ማለት ነው። ካርታው ሲመጣለት «መሬቴን ቀነሱብኝ» ብሎ ጎረቤቱን ይከሳል። እንዲህ ያለ ክስ በእጃችን ከአንድም ሁለት ሦስት አለ። ችሎት ላይ ይህን የማስረዳት ዕድል ያገኘንበት ጊዜ ግን ጥቂት ነው፤ ቁጥሩ ብቻ ይወሰዳል።

መሣሪያችንም ይታወቅ። አብዛኞቻችን የያዝነው የእጅ ጂፒኤስ ነው። ክፍት ሜዳ ላይ እንኳ ከ3 እስከ 5 ሜትር ይስታል፤ ዛፍና ገደል ሥር ደግሞ ይብስበታል። አሁን ሒሳቡን እንሥራ። ከሳሽ «80 ሜትር በሚሆን ድንበር ላይ አንድ ሜትር ተኩል ገፋኝ» ይላል። ክርክሩ 120 ካሬ ነው። መሣሪያው በዚያው ድንበር ላይ 3 ሜትር ቢስት ስሕተቱ 240 ካሬ ይሆናል። ስሕተቱ ከክርክሩ እጥፍ ሆነ ማለት ነው! በዚህ መሣሪያ «ተገፍቷል» ወይም «አልተገፋም» ብሎ መጻፍ ሳንቲም ወርውሮ እንደ መፍረድ ነው። ለእንዲህ ዓይነቱ የሚሆነው ቶታል ስቴሽን የሚባለው ማዕዘንና ርቀት በትክክል የሚለካ የቅየሳ መሣሪያ ወይም ሴንቲሜትር ድረስ የሚለይ ጂፒኤስ ነው። እሱም ከሌለ፣ ከማይነቃነቅ የወሰን ድንጋይ ተነሥቶ በሜትር መለካት ከእጅ ጂፒኤስ ይሻላል። የእጅ ጂፒኤሱ ማሳው የት እንዳለ ለማመልከት ጥሩ ነው፤ የሁለት ትልም ጠብ ግን አይፈታም።

በዚሁ ላይ የኮኦርዲኔት ሥርዓት፣ ማለትም አንድ ቦታ በቁጥር የሚገለጽበት መንገድ፣ ነገር አለ። አጭር ነው፣ ግን ሰው አስለቅሷል። የአገራችን ካርታዎች አዲንዳን በሚባለው ሥርዓት የተሠሩ አሉ፤ ጂፒኤሱ ደግሞ ካልተቀየረ ደብሊው ጂ ኤስ 84 በሚባለው ሌላ ሥርዓት ያነባል። በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት 200 ሜትር ገደማ ነው። ይህን ሳያስተካክል የለካ ባለሙያ የከሳሽን ማሳ ሌላ ሰው ጓሮ ውስጥ ያሳርፈዋል። የቀረበ ውጤት ሁሉ በምን መሣሪያና በምን ሥርዓት እንደተለካ ካልጻፈ ችሎቱ ሊቀበለው አይገባም። የእኛኑ ሥራ ጭምር ማለታችን ነው።

ወደ ዕግድ እንምጣ። ክርክር ያለበት ንብረት እንዳይጠፋ ወይም እንዳይበላሽ ፍርድ ቤቱ በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 154 መሠረት ዕግድ መስጠት ይችላል፤ ተገቢም ነው። ግን የታገደው መሬት የቱ ነው? በአንድ መዝገብ ላይ ክርክሩ 4 ሜትር ስፋትና 60 ሜትር ርዝመት ያለው ድንበር ላይ ነበር። የዕግዱ ትእዛዝ «ክርክር ባለበት መሬት ላይ ምንም ሥራ እንዳይሠራ» ይላል። ሰኔ ላይ ፖሊስ ትእዛዙን ይዞ ሲሄድ ከሳሽ ጠቅላላውን ማሳ አሳየ። ፖሊሱ ምን ያድርግ? ትእዛዙ አይለይለትም። ለ240 ካሬ ክርክር የሰውየው ሦስት ሩብ ሄክታር ሳይታረስ ቀረ። ዕግዱ ይሻሻልልኝ ብሎ አመለከተ፣ «በባለሙያ ይጣራ» ተባለ፣ ከዚያ የፍርድ ቤት ዕረፍት ገባ፣ የዘር ጊዜ አለፈ። ለእኛ የደረሰን ትእዛዝ ጥቅምት ላይ ነው። ሰውየው ያን ዓመት ምን እንደበላ የጠየቀው የለም። ከሳሽ በፍርድ ሊያገኝ የማይችለውን በዕግድ አገኘው።

ለእኛ ለራሳችን ከሁሉም የከበደን ሌላ ነው። ትእዛዞቹ ብዙ ጊዜ «መሬቱ የማን ይዞታ እንደሆነ ተለይቶ ይቅረብ» ይላሉ። ይቅርታ ይደረግልንና ይህ የዳኛ ሥራ ነው። የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1149 የሚለው ግልጽ ነው፦ ይዞታው የተወሰደበት ወይም ሁከት የተፈጠረበት ሰው ይመለስልኝ፣ ሁከቱ ይቁምልኝ ብሎ መክሰስ ይችላል፤ ሁከቱ ከተፈጠረ በ2 ዓመት ውስጥ ካልከሰሰ ግን ክሱ ይወድቃል። እንግዲህ ጥያቄው ቦታውን ማን ይዞት ነበር፣ መቼ ተነካበት የሚል ነው። ለዚህ ጎረቤት ይመሰክራል፣ የቀበሌ የመሬት ኮሚቴ ይጠየቃል። ሜትር ግን አምና ማን እንዳረሰ አይናገርም። እኛ ልንል የምንችለው «ዛሬ የተከሳሽ እርሻ ጫፍ እዚህ ደርሷል፤ የደብተሩ ወይም የካርታው መስመር እዚህ ያልፋል፤ በመካከላቸው ያለው ይህን ያህል ነው» የሚለውን ነው። ከዚያ በላይ ስንጽፍ ያለ ሥልጣናችን ፈረድን ማለት ነው። የተፈረደበት ወገን ደግሞ ማታ በር የሚያንኳኳው የእኛን ነው። አንድ ባልደረባችን ወረዳ የቀየረው በዚህ ምክንያት ነው።

በሁለተኛው ዙር የመሬት ምዝገባ የተሰጠው ካርታ ነገሩን ሁሉ ፈታው የሚሉ አሉ። በእርግጥ ብዙ ረድቷል። በአየር ፎቶ ላይ ማሳው ተሥሎ፣ መለያ ቁጥር ተሰጥቶት፣ ለሕዝብ ይፋ ሆኖ ታይቷል። ግን መስመሩ የተሠመረው በዚያን ቀን ማሳው ላይ ቆመው ባሳዩት ሰዎች ቃል ነው። ከተማ የሄደ፣ የታመመ፣ ባሏ የሞተባትና ማንም ያልጠራት አለች። ስለዚህ ካርታው ጠንካራ መነሻ ነው፤ ክርክሩን አንብቦ ለመዝጋት ግን አይበቃም።

አንድ ውጤት ሲቀርብና አንዱ ወገን ሲቃወም የተለመደው «ሌላ ባለሙያ ይለካው» ማለት ነው። የመጀመሪያው ምን እንዳጠፋ አይገለጽም። አንድ መዝገብ ውስጥ ሦስት ውጤት አለ፦ 0.23፣ 0.26 እና 0.31። ሦስቱም ሐሰት አይደሉም። አንደኛው ከወሰን ድንጋይ ተነሣ፣ ሁለተኛው ከታረሰበት ጫፍ፣ ሦስተኛው ከሳሽ ካሳየው። ባለሙያዎቹን ጠርቶ «አንተ ከየት ተነሥተህ ነው?» ቢባል በግማሽ ሰዓት ይለይ ነበር። የሥነ ሥርዓት ሕጉ በቁጥር 132 እና በተከታዮቹ ለዚህ መንገድ አበጅቶለታል፤ በቦታው እንዲያጣራ የታዘዘ ሰው ሪፖርቱን በጽሑፍ ያቀርባል፣ ችሎት ቀርቦም ሊጠየቅ ይችላል። በተግባር የምንጠራው ስንዘገይ ነው።

ስለ አበልና ትራንስፖርት ብዙ አንልም። በከሳሽ ሞተር ተፈናጥጠን ተከሳሽ ማሳ ላይ ስንወርድ፣ ተከሳሹ ገና ሜትሩ ሳይዘረጋ ፍርዱን አንብቦታል።

የራሳችንንም ጥፋት አንደብቅም። በቦታው ሳይገኝ ቢሮ ተቀምጦ ከደብተር ገልብጦ «ለክቻለሁ» ያለ አለ። ተቃራኒውን ወገን ሳይጠራ የለካ አለ። ምሳ የተጋበዘም አይጠፋም። ንድፍ ሳያያይዝ ቁጥር ብቻ የሚጽፍ ግን ብዙ ነው። እነዚህን አትከላከሉላቸው፤ እኛም አንከላከልላቸውም።

ስለዚህ የሚከተለውን እንጠይቃለን።

ከጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የምንጠይቀው ለወረዳ ፍርድ ቤቶች አንድ ወጥ መመሪያ እንዲያወጣልን ነው። የመሬት ሁከት ክስ ሲከፈት ከሳሽ በእጁም ቢሆን የሣለውን ንድፍ ያያይዝ፤ የማሳውን መለያ ቁጥር ካለው፣ የዛሬ አዋሳኞችን ስምና ተነካብኝ የሚለውን ቦታ ርዝመትና ስፋት በግምት ያስፍር። ተከሳሽም በመልሱ «መሬቱ ይህ ነው» ወይም «ይህ አይደለም፣ ያኛው ነው» ብሎ ይመልስ። መሬቱ የቱ እንደሆነ ካልተስማሙ ይህ ራሱ ፍርድ ቤቱ የሚወስነው የመጀመሪያ ጭብጥ ይሁንና ከልኬት በፊት ይለይ። ዳኛው አንድ ጊዜ ቦታውን ቢያዩት ከእኛ አሥር ወረቀት ይበልጣል።

የሚሰጠን ትእዛዝ በጥያቄ ይጻፍልን። የትኛው ማሳ፣ ከየትኛው ምልክት ተነሥተን፣ ከየትኛው ሰነድ ጋር እናመሳክር፤ ያለ ይህ «ተለክቶ ይቅረብ» የሚል ትእዛዝ አይውጣ። ጊዜውም ቢያንስ 15 የሥራ ቀን ይሁን። ለሁለቱም ወገንና ለአዋሳኞች የልኬቱ ቀን በፍርድ ቤቱ በኩል ይነገራቸው፤ የቀረ ሰው ከቀረ በኋላ «በሌለሁበት» እንዳይል። ባለቤትነትና ይዞታ እንድንወስን አንጠየቅ። ውጤታችን ላይ ተቃውሞ ሲነሣ ሌላ ባለሙያ ከማዘዝ በፊት እኛ እንጠየቅ።

የዕግድ ትእዛዝ የታገደውን ቦታ ከየት እስከ የት በሜትር ይግለጽ፤ የቀረው ማሳ ይታረስ። ፍርድ ሲሰጥ ደግሞ ንድፉ የፍርዱ አካል ሆኖ ይያያዝ፤ አፈጻጸም ላይ የሚወጣው ፖሊስና ባለሙያ ሌላ ሰው ጣት እንዳይከተል።

ከመሬት ቢሮው የምንጠይቀው ለየወረዳው ቢያንስ አንድ ለድንበር ክርክር የሚበቃ መሣሪያ፣ የውጤት ማቅረቢያ አንድ ቅጽ፣ እንዲሁም የአበልና የትራንስፖርት ወጪ ተከራካሪዎች በፍርድ ቤቱ ገንዘብ ያዥ በኩል እንጂ በእጅ ለእጅ እንዳይከፍሉ ከፍርድ ቤቱ ጋር ስምምነት እንዲደረግ ነው። ቅጹ ላይ መሣሪያው፣ የስሕተት መጠኑ፣ የኮኦርዲኔት ሥርዓቱ፣ መነሻ ነጥቡና በቦታው የነበሩ ሰዎች ፊርማ ይኑሩበት። እነዚህን የማይሞላ ባለሙያ ውጤቱ ይመለስበት።

የያዝነውን የቅጽ ረቂቅ ለማቅረብና ለመወያየት በተጠራንበት ቀን እንገኛለን። የባልደረባችንም መዝገብ እንዲታይልን እናመለክታለን፤ ተግሣጹ እንዲነሣ፣ ትእዛዙም መሬቱን ለይቶ በድጋሚ እንዲጻፍለት።

ከአክብሮት ጋር፣
በወረዳ የመሬት ጽሕፈት ቤቶች የምንሠራ የልኬትና የቅየሳ ባለሙያዎች

ግልባጭ፦
ለወረዳ ፍርድ ቤቶች የፍትሐ ብሔር ችሎቶች
ለወረዳ የመሬት ጽሕፈት ቤቶች
ለቀበሌ የመሬት አስተዳደር ኮሚቴዎች